የጀሪካኑ ክዳን

ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ ‹‹ውሃ መጣ!›› የሚል ድምፅ ሰምቶ ከእንቅልፉ ያልባነነ አዲስ አበቤ ካለ እጁን ያውጣ። እኔ በበኩሌ የሠፈሬን ሰዎች በደንብ ያወቅኋቸው በዚያ ሰዓት ነው። ቀን ከረባቱን አስሮ አንገቱን ቀና አድርጎ የሚያልፈው የባንክ ሠራተኛ ጎረቤቴ፣ ሌሊት በፒጃማና በነጠላ ጫማ አራት ቢጫ ጀሪካን አንጠልጥሎ ሲሮጥ አይቼዋለሁ። እሱም እኔን አይቶኛል። ጠዋት ስንገናኝ ሁለታችንም ምንም እንዳላየ ሰው ‹‹እንደምን አደሩ›› ተባብለን እናልፋለን።

ሰሞኑን እንዲህ ባለ አንድ ሌሊት ከግቢው ቧንቧ ሥር ተራዬን እየጠበቅሁ የተቀመጥሁበትን ነገር ድንገት ልብ አልኩት። ጀሪካን ነው። ሃምሳ ዓመት ሙሉ አብሮኝ የኖረ ዕቃ፤ አንድ ቀን እንኳ ዞር ብዬ ‹‹አንተ ማነህ? ከየት መጣህ?›› ብዬ ጠይቄው አላውቅም።

መቼስ እንደ ጀሪካን የሚያገለግለን ዕቃ የለም። ውሃ ይይዛል ብለን ብቻ እንዳንተወው። ጠላ ይጓጓዝበታል፤ አረቄ ይገባበታል፤ ማር ከገጠር ይመጣበታል፤ ጠበል ይቀዳበታል (እንጦጦ ማርያም ደርሶ የተመለሰ ሰው ያውቃል)። ሰልፍ ላይ ባለቤቱን ወክሎ ይቆማል፤ ሰውየው ቤቱ ገብቶ ቁርሱን በልቶ እስኪመለስ ጀሪካኑ ተራ ይጠብቅለታል፣ ደፍሮ የሚያነሳውም የለም። እንዲህ የሚታመን ተወካይ ማን አለን? ሲያረጅ ደግሞ ወገቡ ላይ ይቆረጥና ለዶሮ ውሃ መጠጫ፣ ለአበባ መትከያ፣ ለሲሚንቶ ማመላለሻ ይሆናል። ልጆች ሁለቱን አራርቀው ያቆሙትና የኳስ ግብ ያደርጉታል። ነዳጅ ማደያ ስትሄዱ ግን ‹‹በጀሪካን መቅዳት ክልክል ነው›› የሚል ወረቀት ተለጥፎ የምታገኙበት ጊዜ አለ። ይህ ወረቀት ለምን እንደሚያስቀኝ ቆየት ብዬ እነግራችኋለሁ።

አሁን የምጽፈው የሥነ ጽሑፍ ሂስ ነው ብል ማን ያምነኛል? ግን ነው። ሂሱም የሚጀምረው ከራሴ ነው።

ከመምህርነት ሳልወጣ በፊት የፈጠራ ድርሰት ኮርስ እሰጥ ነበር። አንድ ሰሞን ተማሪዎቼን ‹‹በየቤታችሁ ካለው ተራ ዕቃ አንዱን ምረጡና ከጀርባው ያለውን የማይታይ ታሪክ ጻፉ፤ ሁለት ገጽ ይበቃል›› አልኳቸው። 43 ነበሩ። 17ቱ ስለ እንስራ ጽፈው መጡ። የቀሩት ስለ ጀበና፣ ስለ መሶብ፣ ስለ አያታቸው ጋቢ። እኔም ደስ አለኝ። ቋንቋቸው ያማረ፣ ዐረፍተ ነገራቸው የተሽሞነሞነ ነበር። በእንስራው ውስጥ አገር ነበረች፣ እናት ነበረች፣ የተረሳ ባህል ነበር። የሌለው ውሃ ብቻ ነው።

ኋላ ‹‹ከመካከላችሁ እንስራ ቤቱ ያለ ማነው?›› ብዬ ጠየቅሁ። አንድም እጅ አልወጣም። ‹‹በዐይናችሁስ ያያችሁ?›› አልኩ። ‹‹አዎ፣ ሆቴል ውስጥ›› አለችኝ አንዷ። አርቴፊሻል አበባ ተሰክቶበት ማለቷ ነው።

አንዲት ልጅ ብቻ ‹‹ጀሪካን›› የሚል ርዕስ ሰጥታ መጣች። ከገጠር የመጣች፣ ከኋላ ወንበር የምትቀመጥ፣ ስትናገር በነጠላዋ ጫፍ አፏን የምትሸፍን ልጅ ነበረች። ጽሑፏ ሁለት ገጽ አልሞላም። ተምሳሌት የለውም፤ አገር በውስጡ የለችም። የስንት ሰዓት መንገድ እንደሆነ፣ ገመዱ የት የት ላይ እንደሚያርፍ፣ ዳገቱ ላይ የትኛው ድንጋይ ሥር እንደሚታረፍ ይናገራል፤ በቃ። እኔ ታዲያ ምን አደረግሁ? በቀይ እስክሪብቶ ‹‹ርዕሰ ጉዳዩ ኪነ ጥበባዊ ክብደት ይጎድለዋል›› ብዬ ጻፍኩና ሲ ሰጠኋት። ክብደት ይጎድለዋል! ለማን ነው ይህን የምለው? ከሰባት ዓመቷ ጀምሮ ውሃ ስታዝል ላደገች ልጅ! እንደ ዛሬ ቢሆን ያንን እስክሪብቶ እሰብረው ነበር።

ከዚያ ጽሑፍ አንድ ሐሳብ እስከ ዛሬ አልጠፋኝም። ጀሪካኑን ጢም አድርገን የምንሞላው ስግብግብ ሆነን አይደለም ትላለች። የጎደለ ውሃ ይናወጣል፤ ጀርባ ላይ ሆኖ ወዲያና ወዲህ እያለ ሰው ይጥላል። ሙሉ ውሃ ግን ዝም ይላል። ስለዚህ ቀላሉን ጎዶሎ ትታ ከባዱን ሙሉ ትመርጣለች። ወገኖቼ፣ ይህን የመሰለ ነገር በጠረጴዛ ሥር እግሩን አጣጥፎ ተቀምጦ የሚያገኘው ደራሲ የለም። እኔ ግን አጠገቡ አንድ ሰረዝ እንኳ ሳላሰምርበት አለፍኩት።

ጥፋቱ የእኔ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ያህል ወረቀት አላበላሽም ነበር። ግን እስቲ የዘፈን ክሊፖቻችንን ተመልከቱ። ኮረዳዋ እንስራ ይዛ ወደ ወንዝ ትወርዳለች። ቀሚሷ ጥልፍ ነው፣ ፀጉሯ ሹሩባ ነው። ጎበዙ ዱላውን ትከሻው ላይ አጋድሞ ከዛፍ ሥር ይጠብቃታል። እሷ ትስቃለች፤ ከዚያ እስክስታ ይመጣል። እስክስታ የሚመታበት እንስራ ባዶ መሆኑን ለማወቅ ፊዚክስ መማር አያስፈልግም። አንዳንዱ ጭራሽ እንስራውን አናቷ ላይ ያስቀምጥላታል፤ ሌላ አገር ያየውን ፊልም ይመስለዋል መሰለኝ። በእኛ ዘንድ እንስራ በገመድ ታስሮ ጀርባ ላይ ነው የሚታዘለው፤ ገመዱ በትከሻና በደረት ላይ ያልፋል። ይህን ለማወቅ እኮ አንዲት አሮጊት መጠየቅ ይበቃ ነበር። ሥዕሉም እንደዚያው፣ የግድግዳ ካላንደሩም እንደዚያው፣ የባህል ምግብ ቤቱ ማስታወቂያም እንደዚያው። በልቦለዶቻችንም ውስጥ ውሃ ልትቀዳ የወጣች ልጅ ብዙ ጊዜ የምትወጣው ልትታይ ነው፤ ውሃው ሰበብ ነው። ቤቷ ደርሳ እንስራዋን ከጀርባዋ ስታወርድ፣ ወገቧን ይዛ ቀና ስትል፣ ያችን አንዲት ‹‹እፎይ›› የጻፈልን ስንት ነው?

እንስራን ልነቅፍ እንዳልሆነ ይታወቅልኝ። ጥሩ እንስራ ጥበብ ነው። ገሉ በጥቃቅን ቀዳዳዎቹ ትንሽ ትንሽ ውሃ ወደ ውጭ ያልባል፤ ያ ላብ ሲተንን ውስጡ ያለውን ያቀዘቅዘዋል። ኤሌክትሪክ የማይጠይቅ ፍሪጅ ማለት ነው። በወይራ ሲታጠን ደግሞ ውሃው የሚሰጠው ጣዕም… እሱን የጠጣ ሰው የላስቲክ ውሃ መቼም አይጥመውም። ግን ባዶው ራሱ ሸክም ነው፤ አንድ ጊዜ ከወደቀም አበቃ፤ መንገድ ላይ የሰበረች ልጅ ቤት ምን እንደሚጠብቃት ታውቃለች። ጀሪካን ሲመጣ ሴቶቹ እንስራቸውን ጥለው የተቀበሉት ባህላቸውን ንቀው አይደለም። ቀላል ነው፣ አይሰበርም፣ ክዳን አለው። እኛ ቆመን የምናይ ሰዎች ነን ‹‹ውበቱ ጠፋ›› ብለን ያለቀስን።

ደግሞስ እንስራው ሲወደስ ሠሪዋ የት ሄደች? አዲስ አበባ ቀጨኔ፣ ጎንደር አጠገብ ወለቃ፣ ሌላም ብዙ ቦታ ሸክላ የሠሩት ሴቶች ናቸው። አፈሩን የቆፈሩ፣ ያቦኩ፣ በእጃቸው ያነጹ፣ በኩበት የተኮሱ። እንስራቸውን ገበያ ወስደው ሲሸጡልን ገዝተናል። እነሱን ግን ‹‹ቡዳ›› ብለን ልጆቻችንን ደብቀንባቸዋል፤ ልጃቸውን ለልጃችን አላጨንም። ዘፈኑ ላይ ግን እንስራዋ ቆንጆ ናት!

አንድ ጊዜ ቤተ ክርስቲያን ቆሜ ስለ ርብቃ ሲሰበክ ሰማሁ። የአብርሃም ሎሌ ከውሃ ጉድጓዱ አጠገብ ሲደርስ ርብቃ እንስራዋን አውርዳ እሱን አጠጣችው፤ አልፋም ለግመሎቹ ሁሉ ቀዳችላቸው። ዘፍጥረት 24 ላይ ግመሎቹ 10 እንደነበሩ ተጽፏል። ሰባኪው ስለ ደግነቷና ስለ ትሕትናዋ ነገረን፤ ጥሩ ስብከት ነበር። እኔ ግን (እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ) በሐሳቤ ሒሳብ እሠራ ነበር። ከረጅም መንገድ የመጣ የተጠማ ግመል በአንድ ጊዜ 100 ሊትር ያህል ሊጠጣ ይችላል። 10 ግመል፣ 1,000 ሊትር። በእኛ መለኪያ 50 ጀሪካን! ሰውየው ቆሞ በዝምታ ይመለከታት ነበር ይላል መጽሐፉ። ከዚያ ዘመን ጀምሮ ቆሞ የሚመለከት ወንድ አልጠፋም ማለት ነው።

ወደ ጀሪካናችን እንመለስ። ከእንስራውና ከጀሪካኑ መካከል ‹‹ታኒካ›› የሚባል ነበር፤ በእኔ ዕድሜ ያሉ ያስታውሱታል። ቃሉ የቱርክና የዐረብ ነው፤ ቆርቆሮ ማለት ነው። ላምባ የሚመጣበት አራት ማዕዘን ቆርቆሮ፣ 18 ሊትር ገደማ የሚይዝ። ላምባው ሲያልቅ አናቱ ይከፈትና እንጨት እጀታ ተደርጎለት ውሃ ይቀዳበታል። ያንን የሚመስለውን ቆርቆሮ የእንግሊዝ ጦር በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ቤንዚን ይጭንበት ነበር። ስስ ነው፤ ጭነት ላይ ሲጋጭ ስፌቱ ይፈታል። የሰሜን አፍሪካን በረሃ የሚያቋርጥ መኪና ከጫነው ቤንዚን ጥቂት የማይባለውን መንገድ ላይ አፍስሶት ይደርሳል። ወታደሮቹ ባዶውን ቆርጠው፣ አሸዋ ሞልተው፣ ቤንዚን አርከፍክፈው ሻይ ያፈሉበት ነበር፤ ከሁሉ የተሻለው ጥቅሙ እሱ ሳይሆን አይቀርም።

ጀርመኖቹ ግን ሌላ ነገር ይዘው መጡ። እ.ኤ.አ. በ1937 ሽቬልም በምትባል ከተማ፣ ሙለር በሚባል ፋብሪካ፣ ግሩንፎገል የሚባል መሐንዲስ ለጦሩ ብሎ የነደፈው 20 ሊትር የሚይዝ የብረት ዕቃ ነው። እያንዳንዱ ነገሩ ታስቦበታል። ሁለት የብረት ገጽ ተጋጥሞ በብየዳ ተያይዟል፤ ስፌቱ እንዳይጋጭ ወደ ውስጥ ገብቷል። ጎኑ ላይ ያለው የመስቀለኛ ቅርጽ ለጌጥ አይደለም፤ ብረቱን ያጠነክራል፤ ሙቀት ሲጨምር ደግሞ እንዲለጠጥ ቦታ ይሰጠዋል። እጀታው ሦስት ነው። ለምን ሦስት? ሙሉውን ሁለት ወታደር ግራና ቀኝ ሆኖ እንዲያነሳው። ባዶ ሲሆን ደግሞ አንዱ ወታደር በአንድ እጁ ሁለት እንዲያንጠለጥል። ከላይ በኩል አየር የሚቀርበት ኪስ አለው፤ ሞልቶ እንኳ ውሃ ላይ ይንሳፈፋል። አፉ ውስጥ ትንሽ የአየር ቱቦ አለች፤ ሲቀዳ ‹‹ጉልቅ ጉልቅ›› ሳይል ሸርተት ብሎ እንዲወርድ። ክዳኑ ከአንገቱ ጋር የተያያዘ ስለሆነ አይጠፋም። (ይህችን የክዳን ነገር ያዙልኝ።)

እንግሊዞቹ እ.ኤ.አ. በ1940 በኖርዌይ፣ ቀጥሎም በሰሜን አፍሪካ እነዚህን ዕቃዎች ሲማርኩ ዐይናቸውን ማመን አቃታቸው። የራሳቸውን እየጣሉ የጠላትን ይጠቀሙ ጀመር፤ ቆይተውም እንዳለ ቀዱት፤ አሜሪካኖቹም የራሳቸውን ቅጂ ሠሩ። የእንግሊዝ ወታደር ጀርመንን ‹‹ጀሪ›› እያለ በቅጽል ይጠራው ነበርና ዕቃውንም ‹‹ጀሪካን›› አለው፤ የጀርመኑ ጣሳ ማለት ነው። እንግዲህ እትዬ እከሊት ለልጇ ‹‹ጀሪካኑን አምጣው!›› ስትል የእንግሊዝ ወታደር የምሽግ ቀልድ እየደገመች ነው። የነዳጅ ማደያው ማስታወቂያ የሚያስቀኝም ለዚህ ነው። ከእናቱ ማሕፀን ጀምሮ ለቤንዚን የተፈጠረውን ዕቃ ቤንዚን ቤት አትግባ ብለን ከለከልነው፤ ላልታሰበበት ውሃ ደግሞ ዕድሜ ልኩን ፈረድንበት።

ፕላስቲኩም የጦርነት ዘመድ ነው። ፖሊኢትሊን የሚባለው እ.ኤ.አ. በ1933 በአንድ የእንግሊዝ ኩባንያ ላቦራቶሪ በአጋጣሚ ተገኘ። በጦርነቱ ጊዜም ለራዳር ገመድ መሸፈኛ ሆኖ አገልግሏል። ጠንካራውን ዓይነት በቀላል ዘዴ ለመሥራት ያስቻለው ካርል ዚግለር የሚባል ጀርመናዊ ኬሚስት ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1953። በ1963 የኖቤል ሽልማት ተካፈለበት። የምግብ ዘይት በዚህ ጀሪካን ተሞልቶ መጣልን፤ ዘይቱ አለቀ፤ ጀሪካኑ ቀረ። የቀረውን ታውቁታላችሁ።

ይህ ሁሉ ታሪክ ደስ ይላል። እውነቱን ለመናገር እኔም ሳነብበው ደስ ብሎኛል፤ ለጎረቤቴም ሌሊት ላይ አውርቼለት ለመጀመሪያ ጊዜ በፒጃማው ስቋል። የአንድ ዕቃ የተሰወረ ታሪክ ስንል አብዛኛውን ጊዜ እንዲህ ያለውን ነው የምንፈልገው። ማን ፈለሰፈው፣ ስሙ ከየት መጣ፣ የትኛው ጦርነት ላይ ዋለ። ካወቅን በኋላ ብልህ የሆንን ይመስለናል። ነገር ግን መሐንዲሱን አስቡት። ወረቀቱ ላይ አጎንብሶ ‹‹ሁለት ወታደር እንዴት ያነሳዋል? መዳፉ እንዳይቆረጥ እጀታው ምን ያህል ይወፍር?›› እያለ ሲጨነቅ። ያሰበው ለአዋቂ ወንድ ክንድ ነው፤ ለተመገበ፣ ጫማ ለተጫማ፣ አጠገቡ መኪና ለቆመለት ወታደር። የሚያነሱትም ሁለት ሆነው፣ ከመኪናው እስከ ታንኩ ድረስ ነው። ዛሬ ያው 20 ሊትር፣ ያው 20 ኪሎ፣ አንዲት የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ጀርባ ላይ ነው። እጀታው አንድ ሆኗል፤ ለጀርባ ስላልተሠራም እሷ በገመድ አስራዋለች። ለእሷ አጎንብሶ ያሰበላት መሐንዲስ አልተገኘም። ዩኒሴፍ እ.ኤ.አ. በ2016 ባወጣው ግምት በዓለም ላይ ሴቶችና ልጃገረዶች ውሃ ለመቅዳት በቀን 200 ሚሊዮን ሰዓት ያጠፋሉ። በቀን ነው ያልኩት።

ጀሪካኑ ወደ ድሮ በረሃውም ተመልሷል። በሱዳን በኩል ወደ ሊቢያ የተሻገሩ ልጆቻችንን ጠይቁ። በጭነት መኪናው ላይ ሰው በሰው ላይ ተደራርቦ ሲሄድ፣ የሕይወቱ መለኪያ አጠገቡ ያለው ጀሪካን ነው። ሰው ብዙ እንዳይጠጣ ብለው አሻጋሪዎቹ ውሃው ላይ ቤንዚን ይጨምሩበት እንደነበር ተርፈው የወጡ ብዙዎች ተናግረዋል። እንግሊዞችና ጀርመኖች የቤንዚን ዕቃቸውን የተነጣጠቁበት አገር ነው። አሁን ውሃና ቤንዚን በአንድ ጀሪካን ውስጥ ተደባልቆ የእኛ ልጅ ይጠጣዋል። ስለዚህ የተጻፈ አንድ ጥሩ ልቦለድ ቢኖረን ኖሮ ስንት እንስራ በለወጥሁበት።

ያቺን ተማሪዬን ያለ አግባብ ያሳነስኳት ጀሪካን ስለማላውቅ ቢሆን ይቅር ይባልልኝ ነበር። አውቃለሁ እንጂ! ያደግሁት ደሴ ነው። ደሴን የሚያውቅ ዳገቷን ያውቃል። ‹‹ቧንቧ ውሃ›› የሚባል ሠፈር ያላት ከተማ ናት፤ እኛ ሠፈር ግን ቧንቧውም ውሃውም አይገኝም ነበር። ዘመኑ የደርግ ነው። ወደ ሰሜን የሚሄዱ የወታደር መኪኖች በከተማችን ያልፋሉ፤ ከኋላቸው አረንጓዴ የብረት ጀሪካን ታስሮባቸው እናይ ነበር። እኛም ቤት አንድ ጀሪካን ነበረን፤ ሰማያዊ ፕላስቲክ። እሱን የምታዝለው የአክስቴ ልጅ ናት።

አባቴ ከገጠር ያመጣት ‹‹ትማር›› ብሎ ነው። በክፋት አይደለም፤ ምናልባት አስቦም ነበር። ከእኔ አራት ዓመት ትበልጠኛለች፤ ‹‹እታለም›› ነበር የምላት፣ ዛሬም እንደዚያው ነው። ጠዋት እኔ ደብተሬን ስይዝ እሷ ገመዷን ትይዛለች። እኔ ትምህርት ቤት ስደርስ እሷ ምንጩ ጋ ወረፋ ይዛለች። ከሰዓት ደግሞ እንደገና። ቀኑ ለውሃው ነውና የማታ ትምህርት አስገቧት፤ ማታ ዐይኗ አልከፈት እያላት ሁለት ዓመት ታግላ ተወችው። እኔ እግሬን በሞቀ ውሃ ታጥቤ፣ ፋኖስ ሥር ቁጭ ብዬ መጽሐፍ አነባለሁ። ያ የሞቀ ውሃ ከየት መጣ? የሥነ ጽሑፍ ሰው ሆንኩ፣ ዲግሪ ላይ ዲግሪ ደረብኩ፣ ቀይ እስክሪብቶ ጨበጥኩ፤ ‹‹የማይታይ ታሪክ ጻፉ›› ብዬ ሌላውን አዘዝኩ። ይህን ጥያቄ ራሴን የጠየቅሁት ግን ባለፈው ሌሊት ጀሪካን ላይ ተቀምጬ ነው።

ሲነጋ ደወልኩላት። ደሴ ናት፤ ልጆች አድርሳለች፣ አያት ሆናለች። መጀመሪያ ደነገጠች፤ በጠዋት የሚደወል ስልክ መርዶ ነው የሚመስላት።

‹‹ምን ሆነሃል?››

‹‹ምንም አልሆንኩም እታለም፤ ስለዚያ ጀሪካን ልጠይቅሽ ብዬ ነው።››

‹‹የትኛው ጀሪካን?››

‹‹ሰማያዊው፤ ውሃ የምትቀጂበት።››

ዝም አለች። ከዚያ ሳቀች። እኔ ይቅርታ ለመጠየቅ ቃል አዘጋጅቼ ነበር፤ ጥሩ ጥሩ ዐረፍተ ነገር ነበር። እንደ ጀመርኩ ‹‹አብሽር፣ ተወው ባክህ፣ ያለፈ ነው›› ብላ አቋረጠችኝ።

‹‹ክብደቱ አይደለም›› አለች ቆይታ። ‹‹ክብደቱን ለመድኩት። ክዳን አልነበረውም እኮ! የበቆሎ ቆረቆንዳ ነበር የምወትፍበት። ዳገቱ ላይ ስወጣ እየተንጠባጠበ ከማጅራቴ እስከ ወገቤ ያርሰኛል። ክረምትና ጥቅምት ላይ፣ ያንን የደሴ ብርድ ታውቀዋለህ… ልብሴ ሳይደርቅ ደግሞ ሁለተኛውን ዙር እሄዳለሁ። አሁን ይሄ የሚያስለኝ ከዚያ የመጣ ነው ይለኛል ልጄ፤ እኔ እንጃ።››

‹‹ክዳኑ ምን ሆነ?›› አልኳት። ቆሻሻ ጥያቄ ነበር፤ ባልጠየቅሁ።

‹‹አታስታውስም?›› አለች፤ አሁንም እየሳቀች። ‹‹ከሽቦ መኪና ሠርተህ አልነበር? ለፊተኛው ጎማ የሚሆን አጣሁ ብለህ ስታለቅስ አባባ ‹ስጪው፣ አታስለቅሽው› አሉኝ። ሰጠሁህ። ሁለት ቀን ነድተህበት ጣልከው።››